አንድ መቶ አሥር ሰከንድ

መኪናዋ የሱመርቪልን አደባባይ በሩጫ ስትዞር አንደኛው የካርድ ሳጥን ከመቀመጫው ተንሸራቶ የፓውሊና ሆርኛክን ጉልበት መታ። መሪ የያዘው ዶክተር ስታውት ዞር ብሎም አላየ።

«ቴፑን አጥብቀሽ ያዢ» አለ። «ሳጥኑ ቢወድቅ ይለቀማል።»

ማን እንደሚለቅመው ግልጽ ነው። በሁለቱ ረዣዥም ሳጥኖች ውስጥ ሁለት ሺህ ዘጠኝ መቶ አሥራ አራት ካርዶች በተርታ ቆመዋል። አንዱ ካርድ አንድ ድምፅ ነው፤ መቼ እንደሚጀምር፣ ስንት ሰከንድ እንደሚቆይ፣ ምን ያህል እንደሚቀጥንና ምን ያህል እንደሚጮህ በቁጥር ተበስቶበታል። ሁሉንም በጣቷ የበሳችው ፓውሊና ናት። የዩኒቨርሲቲው ኮምፒዩተር ካርዶቹን በልቶ፣ አሥራ አንድ ሰዓት ሙሉ ሲያሰላ ቆይቶ የተፋው ቴፕ ደግሞ በቆርቆሮ ዕቃ ተከድኖ ጭኗ ላይ ተቀምጧል። ቴፑ ላይ ያለው ቁጥር ብቻ ነው። ያን ቁጥር ወደ ድምፅ የሚቀይረው መሣሪያ አርባ ማይል ርቆ፣ በላቦራቶሪው ነው የሚገኘው። እንግዲህ ሁለት ዓመት የተለፋበትን ሙዚቃ፣ ጻፍኩት የሚለው ስታውት ራሱ፣ አንዲት ድምፅ እንኳን ሰምቶት አያውቅም።

ከስታውት ጎን ፕሮፌሰር ሆራስ ዊንግፊልድ ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ተቀምጠዋል። የሙዚቃ ክፍሉ ኃላፊ ናቸው። ሦስት ሲምፎኒ ጽፈዋል፤ ሦስቱም አንድ አንድ ጊዜ ብቻ ተመትተው ተቀብረዋል። እንደዚያም ሆኖ ሲናገሩ የሰማ ሰው ኦርኬስትራን የፈጠሩት እሳቸው ይመስሉታል።

«እና እዚያ ቆርቆሮ ውስጥ ሙዚቃ አለ ነው የምትለኝ?» አሉ።

«ቁጥር ነው ያለው፣ ፕሮፌሰር። ሙዚቃ የሚሆነው እዚያ ስንደርስ ነው።»

«እኔ ደግሞ ሾርባ መስሎኝ።»

ስታውት ሳቀ። ከንፈሩ ብቻ ነው የሳቀው። «ለዘመናት ሙዚቃ በሰው እጅ ሲበላሽ ኖሯል» አለ፤ ይህን ንግግር በቃሉ ነው የሚያውቀው። «ፍሉት ነፊው መተንፈስ አለበት። ቫዮሊን መቺው ከሚስቱ ተጣልቶ ይመጣል። ቀጭኗን ልዩነት አያወጧትም፤ ቢያወጧትም አይሰሟትም። እኔ ስለ ቅኝት የጻፍኩትን ንድፈ ሐሳብ አሥር ጣት ያለው ፍጡር ሊጫወተው አይችልም። ማሽኑ ግን የነገሩትን ያደርጋል። የነገሩትን ብቻ።»

«ወታደርም እንደዚያ ነው» አሉ ዊንግፊልድ። «የወታደር ባንድ ሰምተህ ታውቃለህ?» ከዚያ አፍንጫቸውን ወደ ላይ ቀሰር አደረጉ። «ነጭ ሽንኩርት ነው የሚሸተኝ?»

«ሚስስ ሆርኛክ የማንቪል ሰው ናት» አለ ስታውት፤ ማንቪል የስደተኛ ሠራተኞች ከተማ ናትና ነገሩ በዚሁ እንደተብራራ ሁሉ።

ፓውሊና በወረቀት የተጠቀለለውን የቋሊማ ዳቦዋን ወደ ቦርሳዋ ግርጌ ገፋችው። በሆዷ ግን፣ አንተ ሽማግሌ፣ የአንተ ሲምፎኒ ከሚሸት የእኔ ቋሊማ ቢሸት ይሻላል አለች።

የምርጫው ወር ነበርና በየቤቱ ደጃፍ የዕጩዎች ሰሌዳ ተተክሏል። ፓውሊና የምታስበው ግን ሌላ ምርጫ ነበር። ዓርብ ዕለት የሙዚቃ ክፍሉ ተሰብስቦ ስታውት በቋሚነት ይቀጠር ወይስ ይሰናበት ብሎ ይወስናል፤ የዊንግፊልድ ቃል ደግሞ የሁሉም ቃል ነው። የእሷም ሥራ ቢሆን በቀጭን ገመድ ላይ ተንጠልጥሏል። ከዚህ በፊት ሁለት ቴፕ ተበላሽቷል። የመጀመሪያው ሰባት ደቂቃ ሙሉ ጭጭ አለ፤ ሁለተኛው እንደ እንቁራሪት ሲጮህ ቆየ። ሁለቱም ጊዜ የተሳሳተው ስታውት በእጁ የጻፈው ወረቀት ነው። ሁለቱም ጊዜ ግን አይኑን በጨው አጥቦ፣ ጥፋቱ ካርዱን የበሳችው ሴት ነው የሚል ደብዳቤ ለኮምፒዩተር ቢሮው አለቃ ለሚስተር ሎሪመር ጻፈ። ሎሪመር ሰኞ ጠዋት ጠርቷት፣ «ነገም ቢበላሽና ካርዱ ነው ከተባለ፣ ሚስስ ሆርኛክ፣ እኔ ላንቺ የማደርገው ነገር የለም» አላት። አሥራ ሦስት ዓመት የሠራችበትን ወንበር በአንድ ዓረፍተ ነገር። ካርዶቹን ይዛ የመጣችውም ለዚህ ነው፤ ጥፋት ከተገኘ እዚያው፣ አይን ለአይን ይታይ ብላ።

ነገሩ ባጭሩ ይህ ነው፤ ካርዱ ከተሳሳተ ፓውሊና ትባረራለች፣ ወረቀቱ ከተሳሳተ ስታውት ይባረራል።

ወረቀቱ ደግሞ ተሳስቷል። ይህን ታውቃለች።

ካርድ ቁጥር ሁለት ሺህ ሁለት መቶ ስድስት ላይ ነው። እዚያ ቦታ ላይ አሥራ አንድ ድምፆች፣ አንዱ ለሌላው ውኃ እንደሚቀባበል ሰው፣ አንዲትን ከፍ ያለች ድምፅ ይቀባበሏታል። አንደኛው አንድ ነጥብ አሥር ሰከንድ ያህል ይዞ ይለቃል፤ ሁለተኛውም እንደዚያው፤ ሦስተኛውም። አሥሩ ወረቀት ላይ 1.10 ተብለው ተጽፈዋል። አሥራ አንደኛው 110 ይላል። ነጥቧ ተረስታለች። በሰከንድ የምታልቀው ድምፅ ሁለት ደቂቃ ሊሞላ አሥር እስኪቀረው ትጮኻለች ማለት ነው።

የዛሬ ሁለት ሳምንት ወረቀቱን ይዛ ቢሮው ድረስ ወጣች። በትሕትና ነበር የጠየቀችው። ስታውት መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ ካያት በኋላ፣ «ሚስስ ሆርኛክ፣ ቁጥሩን ማሰብ የኔ ሥራ ነው። ያንቺ ሥራ መብሳት ነው። የተጻፈውን ብሺ» አለና፣ ወረቀቱን ሳያነበው ከቁጥሩ አጠገብ በቀይ ቀለም «እንደተጻፈው» ብሎ ፈረመ። ወርዳ የተጻፈውን በሳች። ባልደረባዋ በርኒስም እንደ ደንቡ ያንኑ ወረቀት ይዛ በማረጋገጫው ማሽን ላይ ከአዲስ መታችው። ሁለት ሴቶች ያነበቡት አንድ ከሆነ ማሽኑ የካርዱን ቀኝ ጠርዝ በጥፍር ልክ ሸረፍ ያደርገዋል፤ ካልሆነ አያደርግም። ካርዱ ተሸረፈ።

የሚያናድደው ግን ይህም አይደለም። የሚያናድደው ሙዚቃው ጥሩ መሆኑ ነው። ፓውሊና እሑድ እሑድ በማንቪል ቤተ ክርስቲያን ሁለተኛውን የሴቶች ድምፅ የምትዘምር ሴት ናት፤ ሺህኛው ካርድ አካባቢ ሲደርሱ ጣቶቿ ቁጥሩን እንደ ዜማ ያዙት። ያቺ ከፍ ያለች ድምፅ ከተለቀቀች በኋላ ከሥሯ አራት ዝቅ ያሉ ድምፆች ይነሳሉ፤ ቀስ ብለው፣ እየተያያዙ፣ ማንም ሳይመራቸው። በበሳቻቸው ቀን ቤቷ ሄዳ ድንች ስትልጥ ስታንጎራጉራቸው ራሷን አገኘችው። ይህን የመሰለ ነገር ከዚያ ከማይረባ ሰውዬ ጭንቅላት መውጣቱ ደሟን ያፈላዋል።

ላቦራቶሪው ሲደርሱ በር ላይ የጠበቃቸው መሐንዲሱ ታልማጅ ነበር፤ እጅጌውን የሰበሰበ፣ ኪሱ በእርሳስ የተሞላ ረጅም ሰው።

«ሙዚቀኞቹ መጡ» አለ ወደ ውስጥ እየጮኸ፤ ከውስጥ የሆነ ሰው ሳቀ። «ከአምስት ሰዓት እስከ አምስት ከሃያ ነው ያላችሁ። አምስት ከሃያ አንድ ላይ የምር ሥራ አለብን።»

«የመጣነው ለምር ሥራ ነው» አለ ስታውት።

«ባለፈው የእንቁራሪቱን ነበር ያመጣኸው አይደል? ልጆቹ ወደውት ነበር።» ታልማጅ ቆርቆሮውን ከፓውሊና ተቀብሎ ሳጥኖቹን አየ። «ይህን ሁሉ ብቻሽን ተሸክመሽ? እነዚህ ሁለቱ እጅ የላቸውም እንዴ?»

«ያስባሉ» አለች ፓውሊና።

ክፍሉ ጠባብ ነበር፤ ግድግዳው ሙሉ ቁም ሣጥን የሚያህሉ ማሽኖች፣ አንድ ትልቅ ድምፅ ማጉያ፣ ከፊቱ አንድ ወንበር። ወንበሩ ላይ ዊንግፊልድ ተቀመጡና እግራቸውን አጣምረው ሰዓታቸውን አወጡ፤ ጥርስ ሊያስነቅል እንደመጣ ሰው። ስታውት፣ ፓውሊናና ታልማጅ ከኋላ፣ ከማሽኑ አጠገብ ቆሙ። ታልማጅ ቴፑን አጠለቀና ቁልፉን ተጫነ።

የመጀመሪያዋ ድምፅ ስትወጣ ፓውሊና ወዲያው ለየቻት። ሁለት ዓመት በጣቷ ስታውቃት የነበረችው ድምፅ እውነትም ነበረች። ቀጠን ያለች፣ ትንፋሽ የሌላት፣ እንጨትም ብረትም የማትመስል። ሁለተኛው ተከተላት፣ ሦስተኛው፤ በመካከላቸው ያለው ርቀት ከፒያኖ ቁልፍ ለቁልፍ የማይገኝ፣ ከዚያ ጠበብ ያለ ነበር። ስታውት ከንፈሩን ነክሶ ጣሪያውን አየ። ያኔ ለአንዲት አፍታ ፓውሊና አልናቀችውም። አራት ደቂቃ ሙሉ አንድም ነገር ሳይዛነፍ ሄደ። ዊንግፊልድ ሁለት ጊዜ አዛጉ።

ከዚያ አሥራ አንዱ ድምፆች መቀባበል ጀመሩ። አንድ። ሁለት። ፓውሊና በልቧ ቆጠረች። አሥር። አሥራ አንድ።

አሥራ አንደኛው አልለቀቀም።

ስታውት መጀመሪያ አልገባውም። አምስት ሰከንድ፣ አሥር ሰከንድ። ድምፁ ቀጥ ብሎ ክፍሉን ሞላው፤ ከሥሩ ሌሎቹ ድምፆች ሲንቀሳቀሱ እንደ ጎረቤት ወሬ ብቻ ይሰማል። ፊቱ ዐመድ መሰለ። ወደ ፓውሊና ጎንበስ ብሎ በሹክሹክታ፣ «ምን አድርገሽ ነው?» አላት። «ምንድነው ያደረግሽው? ገደልሽኝ እኮ።»

«የተጻፈውን በሳሁ።»

«ካርዱ ነው። ለሎሪመር ዛሬውኑ እደውላለሁ።»

ፓውሊና ሳጥኑን ከፍታ ሳትፈልግ፣ ሳታገላብጥ፣ ካርዱን መዘዘችና ለታልማጅ ሰጠችው። ታልማጅ ቀዳዳዎቹን በመብራቱ አየ፤ ከዚያ አውራ ጣቱን በቀኝ ጠርዙ ላይ አስኬደ።

«ተረጋግጧል» አለ፤ እሱም በሹክሹክታ። «ሁለት ሰው ነው ያነበበው፣ ዶክተር። ሁለት ሴቶች በአንድ ቁጥር ላይ በአንድ ቀን አይሳሳቱም። ወረቀትህን እይ።»

ስታውት ቦርሳውን ሊከፍት እጁን ዘረጋና ተወው። ቀዩ ፊርማ ትዝ እንዳለው ከአይኑ ታየ።

«ዝም በሉ» አሉ ዊንግፊልድ ከፊት፤ ሳይዞሩ።

ሽማግሌው ወደ ፊት አዘንብለዋል። ባርኔጣቸው ወለል ላይ ወድቋል፤ አላነሱትም። አይናቸውን ጨፍነው ያቺን አንዲት ድምፅ ይሰማሉ። ድምፁ በመጨረሻ ሲለቅ፣ የቀሩት ድምፆች ጥቂት ተንቀሳቅሰው አበቁ። ቴፑ ብቻ ዞረ።

«ስታውት» አሉ ዊንግፊልድ፤ መሐረብ አውጥተው አፍንጫቸውን ተናፈጡ። «እውነቱን ልንገርህ፤ እዚህ ድረስ የመጣሁት ላሰናብትህ ነበር። ሰባት ደቂቃ የሸማኔ ቤት ጩኸት ነው። ግን ያቺ ድምፅ... ያቺ የማትለቀው። ያቺ ሰው ናት። ከየት አመጣሃት?»

ስታውት አንዴ ፓውሊናን፣ አንዴ ካርዱን፣ አንዴ አለቃውን አየ። ፓውሊና ሐሳቡ ከአንዱ ጉንጩ ወደ ሌላው ሲሄድ በአይኗ ተከተለችው።

«ሁለት ዓመት ወደ እሷ ነው ስሄድ የነበረው» አለ። «ጠቅላላ ንድፈ ሐሳቡ የሚያርፍባት ቦታ ናት። ሚስስ ሆርኛክም ታውቃለች። በቁጥሩ ደንግጣ መጥታ ነበር፤ እንደተጻፈው ብሺ አልኳት።» ፈገግ ብሎም ጠቀሳት።

እነሆ ሁሉም ዳነ። ካርዱ ልክ፣ ወረቀቱ ልክ፣ ማንም አይባረር። ከፓውሊና የሚፈለገው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ አፏን ይዛ ሳጥኗን ማንሳት። አሥራ ሦስት ዓመት የሠራችውም ይህንኑ ነው። ሎሪመርም ነገ ጠዋት፣ አየሽ፣ ለካ ምንም የለም ይላታል።

ፓውሊና ግን ያን ጥቅሻ አይታ ሳጥኗን አላነሳችም።

«ውሸት ነው» አለች።

ዊንግፊልድ ከጠዋት ጀምሮ ለመጀመሪያ ጊዜ ዞረው አዩአት።

«ስሕተት ነው፣ ፕሮፌሰር። አንድ ነጥብ አሥር ሰከንድ ነው መሆን የነበረበት። አሥሩ እንደዚያ ናቸው። ድምፁ ከለቀቀ በኋላ ከሥሩ አራት ዝቅ ያሉ ድምፆች ይመጣሉ፤ እርስዎ አልሰሟቸውም፤ ማንም አልሰማቸውም። ያ ጩኸት ደፈናቸው። ዶክተር ስታውት የጻፉት እነሱን ነው። እኔ አውቃቸዋለሁ።» ከዚያ፣ ራሷም ሳታስበው፣ ሁለተኛውን የዝቅታ ድምፅ አንጎራጎረችው። ጥቂት ብቻ። ታልማጅ ከማሽኑ ላይ እጁን አነሳ።

«ሚስስ ሆርኛክ ደክሟታል» አለ ስታውት። «ስሕተት ካለም እኮ፣ ፕሮፌሰር፣ የካርዱ ነው የሚሆነው። ይህንንም ለሎሪመር ሁለት ጊዜ ጽፌያለሁ።»

«ካርዱ ንጹሕ ነው» አለ ታልማጅ። «ወረቀቱን አሳያቸው።»

«ወረቀቱን» አሉ ዊንግፊልድ፤ እጃቸውን ዘርግተው።

ሌላ መውጫ አልነበረም። ስታውት ወረቀቱን አወጣ። ሽማግሌው መነጽራቸውን አድርገው አሥሩን ቁጥር፣ ከዚያ አሥራ አንደኛውን፣ ከዚያ ቀዩን ፊርማ አዩ። ረጅም ጊዜ ወሰደባቸው። ሲጨርሱ ወረቀቱን በሁለት ጣታቸው መለሱለት።

«እንግዲህ ረስተሃታል» አሉ። «ይህች ሴት ነግራህም አልሰማህም። እሺ፤ ሰው ይሳሳታል። አሁን እንደ ሙዚቃ ጸሐፊ መልስልኝ። ዓርብ ለጉባኤው አንዱን አሰማለሁ። አንድ ካርድ ተለውጦ፣ ቴፑ ከአዲስ ተሠርቶ፣ ይኼ መሐንዲስ ከዓርብ በፊት...»

«ሐሙስ እሠራላችኋለሁ» አለ ታልማጅ። «ከምሳ ሰዓቴ ላይ። እኔም ልሰማው እፈልጋለሁ።»

«ሐሙስ። የጻፍከውን ላሰማ ወይስ ይህን? እኔ ግን አላታልልህም፤ ይህ ከሆነ ድምፄ ያንተ ነው። ያኛው ከሆነ አላውቅም። የሸማኔ ቤት አልወድም።»

ፓውሊና ስታውትን አየችው። እንዴት እንደምትጠላው እያወቀች፣ በልቧ እባክህ አለችው። ያንተ እኮ ናቸው። ከሰው እጅ ላድናቸው ብለህ አይደል ሁለት ዓመት ሰው ስትሰድብ የኖርከው።

ስታውት ክራቫቱን አስተካከለ።

«እንደተሰማው ይሁን» አለ። «ሐሙስ መድከም አያስፈልግም።»

ታልማጅ ቴፑን ነቅሎ ቆርቆሮው ውስጥ ከተተውና ክዳኑን እንደ ጥፊ መታው። «አምስት ከሃያ ሆኗል» አለ። «ውጡልኝ።»

ፓውሊና ካርዱን ወደ ሳጥኑ አልመለሰችውም፤ ጠረጴዛው ላይ ተወችው። ወደ ዊንግፊልድ ሄዳ፣ «ለሚስተር ሎሪመር ካርዶቹ ንጹሕ ናቸው ብለው ሁለት መስመር ይጻፉልኝ» አለቻቸው። ሽማግሌው ብዕራቸውን አወጡና ወንበሩ ላይ አስደግፈው ጻፉ፤ ፈርመውም በሁለት እጃቸው ሰጧት።

«ቅድም ያንጎራጎሩት ነገር...» አሉ፤ ባርኔጣቸውን ከወለል እያነሱ። «ትንሽ ሸማኔ ቤት ነው። ግን መጥፎ አይደለም።»

«አልሰሙትም» አለች።

ኮቷን ለብሳ ቦርሳዋን አነገተች። ስታውት በሩ ላይ ቁልፉን እያንቀጫቀጨ ይጠብቅ ነበር፤ ፊቱ በርቷል፣ ጭራሽ ደስ ብሎት ነበር። ዓርብ ያለፈለት ሰው ፊት።

«ሚስስ ሆርኛክ፣ ሳጥኖቹ» አለ።

ፓውሊና ፊቱ ቆመች። ሁለት ዓመት ስትንቀው ኖራለች፤ ግን የናቀችው ሰውየውን ብቻ ነበር፤ ሥራው ላይ ስትደርስ ትቆም ነበር። አሁን የምትቆምበት ነገር የለም።

«ሙዚቃህ ጥሩ ነበር» አለችው። «የማትረባው አንተ ነህ። ሳጥኖችህን ተሸከማቸው።»

ከዚያም የባቡር ጣቢያው በየት በኩል እንደሆነ ታልማጅን ጠይቃ ወጣች።